ጥላው በየት በኩል ነበር

እናቴ በማታምንበት ሃይማኖት ቃል ገባች፤ ቃል የገባችላት ሴት ሞተች፤ ቃሉ ግን አብሯት አልተቀበረም። የተበላሸው ይኸው ነው።

እናቴ ቶይባ የወሎ ሰው ናት። ጅዳ ሰው ቤት ሠርታ ኦስሎ ከገባች ወዲህ ጋምለ ኦስሎ በሚገኝ አንድ ሲከየም፣ የአረጋውያን መንከባከቢያ፣ ውስጥ አቅም የከዳቸውን አረጋውያን ታጥባለች፣ ታለብሳለች፣ ታበላለች። እኔ ልጇ ሂዳያ እዚሁ ተወልጄ ዩኒቨርሲቲ የሃይማኖት ታሪክ እማራለሁ። ሁለታችን አንድ አፓርታማ ውስጥ እንኖራለን፤ እኔ ለመውጣት አቅም እስካገኝ።

የማስተርስ ጽሑፌ ስለ ሚትራ ነው። ሚትራ የጥንት ፋርሶች የቃል ኪዳን አምላክ ነበር፤ ስሙም ውል ማለት ነው። ከፀሐይ ጋር ይወጣል፣ አይተኛም፣ ሁሉን ይሰማል፤ ሰው ሲሞት ነፍሱን ከሚዳኙት አንዱ እሱ ነው። ከብዙ ዘመን በኋላ የሮማ ወታደሮች በዚሁ ስም የሚጠራ አምላክ ከመሬት በታች በተሠሩ ጠባብ ክፍሎች ያመልኩ ነበር። እዚያ የሚገባ ሰው ቀኝ እጁን ሰጥቶ ወንድም ይሆናል። ሁለቱ ሚትራዎች ምን ያህል አንድ እንደሆኑ ምሁራን እስከ ዛሬ አልተስማሙም። እኔ ደግሞ የዚያ እምነት ርዝራዥ በሰሜን ኢራቅ የዚዲዎች ዘንድ ቀርቷል የሚሉትን መመርመር ፈለግሁ። የዚዲዎች ፊታቸውን ወደ ፀሐይ አዙረው ይጸልያሉ፤ በመከር በዓላቸው በሬ ያርዳሉ፤ ቃል ኪዳን አጥብቀው ይይዛሉ። አማካሪዬ መመሳሰል ዝምድና አይደለም እያለ ምዕራፉን ሁለት ጊዜ መለሰብኝ። ስለዚህ በሕይወት ያለ ሰው አስፈለገኝ።

ጉሌን ያገኘችልኝ እናቴ ናት። ከሰሜን ኢራቅ፣ ከሲንጃር የመጣች አሮጊት የዚዲ ሲከየሟ መግባቷን ስትነግረኝ መቅጃ ይዤ ሄድኩ። ጉሌ ግን ለእኔ ጥያቄ ግድ አልነበራትም። የእናንተ ፀሐይ ሌባ ናት፣ አርፍዳ መጥታ ቀድማ ትወጣለች አለችኝና ዓይኗን ጨፈነች። ከእናቴ ጋር ግን በዓረብኛ ያወሩ ነበር። የጅዳው ዓረብኛና የሲንጃሩ ዓረብኛ በደንብ አይገጥምም፤ እነሱ ግን ይሳሳቁበት ነበር።

ጉሌ ካቢኔቷ ውስጥ አንገቱ ያልተከፈተ ነጭ ሸሚዝ አስቀምጣ ነበር። እያንዳንዱ የዚዲ በሕይወት ሳለ የአኺራ፣ ማለትም የወዲያኛው ዓለም፣ ወንድም ወይም እህት ይመርጣል። የተመረጠው፣ የመረጠው ሰው ሲሞት አጠገቡ ይቆማል፤ ነፍሱ ስትጠየቅ አብሮ ይመልስለታል። ከውስጥ የሚለበሰውን ነጭ ሸሚዝ አንገቱን የሚከፍትም ይኸው ሰው ነው። የጉሌን የአኺራ እህት አይ ኤስ የሚሉት ዳኢሽ በ2014 ከመንደሯ ወስዷት የገባችበት አልታወቀም። ሸሚዙ ሳይከፈት ኦስሎ ድረስ የመጣው ለዚህ ነው።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ጉሌ መቀስ ለእናቴ ሰጠቻት። እናቴ ምን እየተጠየቀች እንደሆነ በደንብ ታውቅ ነበር፤ ጉሌ ደጋግማ ነግራታለች። ቆረጠችው። ሸሚዙን አለበሰቻት፣ ቀኝ እጇን ያዘችላት። በሳምንቱ ጉሌ ሞተች፤ እናቴ ቫክቷ፣ የሥራ ተራዋ፣ ባይሆንም እጇን እንደያዘች ነበረች።

ቤት መጥታ ስትነግረኝ ተቆጣሁ። ለምን እሺ እንዳለች ጠየቅኳት።

"እኛ አገር ለሞት የተጠራ ሰው እምነት አይጠይቅም" አለች። "ሙስሊሙ የክርስቲያኑን ይቀብራል፣ ክርስቲያኑም የሙስሊሙን። እምቢ ይባላል እንዴ?"

ወሎ ውስጥ የተጠራሽው መቃብር ድረስ እንጂ ከመቃብሩ ወዲያ አልነበረም አልኳት። እንደ ቀልድ ነው የተናገርኩት።

አጎቴ ኢስሐቅ ሲሰማ ከሥራው አውቶቡሱን አስረክቦ በቀጥታ መጣ። ከማን ጋር እንደተዋዋልሽ ታውቂያለሽ ወይ፣ እነሱ እኮ ኢብሊስን ነው የሚያመልኩት አላት። ይህ ብዙ ደም ያፈሰሰ ስም ማጥፋት መሆኑን ነገርኩት። የዚዲዎች የሚያከብሩት በጣዎስ የሚመሰል መልአክ ነው፤ በእነሱ ትረካ ለአዳም ያልሰገደው ከፈጣሪ በቀር ለማንም አትስገድ ተብሎ ስለነበር ነው፤ ስለ ታማኝነቱም የመላእክት አለቃ ሆነ። ኢስሐቅ ለእኔ ትምህርት ራሱን ነቀነቀ። እናቴ ብርጭቆ እያጠበች ነበር።

"እኔ የተዋዋልኩት ከጉሌ ጋር ነው" አለች፤ ወሬው በዚሁ አለቀ።

ከዚያ በኋላ መመለስ ጀመረች። ሌላ ቃል የለኝም። ልብስ እያጠፈች ወይም ሽንኩርት እየላጠች ቆም ትላለች፣ ወደ ቀኟ ዘንበል ትላለች፣ ትሰማለች፣ ከዚያ ትመልሳለች፤ አዎን ያ፣ አይደለምን ናይ እያለች፣ እንደ ኖርዌዮቹ። "ያ፣ ትጸልይ ነበር። መስኮቱን ክፈቱልኝ ትል ነበር።" ዝም። "ናይ፣ በማንም ላይ ክፉ ስትናገር አልሰማኋትም። ምግቡን ብቻ ነው የምታማው።" መጀመሪያ ላይ ያስቀኝ ነበር። ስልክ የምታወራ ነው የምትመስለው፤ ስልክ ግን የለም። ዝምታዎቹ እኩል አልነበሩም፤ እያንዳንዳቸው የአንድ ጥያቄ ርዝመት ነበራቸው።

ሐኪሙ ሐዘን ነው አለና ከሥራ ዕረፍት ጻፈላት። እኔም ሐዘን ነው አልኩ። ሐዘን ግን ሰው የማያውቀውን ነገር አይጠይቅም።

አንድ ቀን ጠዋት ወጥ ቤት ስገባ ግድግዳውን ተደግፋ አገኘኋት። ፊቷ የተገረፈ ይመስል ነበር።

"ሂዳያ፣ ናሪን ማን ናት?"

አላውቅም አልኳት።

"ስለ ናሪን ጠየቁኝ። ጉሌ ትታት ስትሄድ ጥላው በየት በኩል ነበር አሉኝ። አላውቅም አልኩ። ካልመለስኩ ወደሚቀጥለው አያልፉም።"

ጉሌ በሕይወት ሳለች ነግራሽ ረስተሽው ይሆናል አልኳት። ዓረብኛ እየቀላቀላችሁ ስለነበር ግማሹ አምልጦሽ ይሆናል፣ አሁን እንቅልፍ ስታጪ እየመጣ ነው። በጣም ጥሩ ማብራሪያ ነበር። እየተናገርኩ ሳለ ፀሐይ፣ የጥር ጠባብ ፀሐይ፣ በመስኮቱ ገብታ ነበር፤ የወንበሩ ጥላ ግን ወደ ግድግዳው አልወደቀም። ወደ መስኮቱ፣ ወደ ብርሃኑ ነበር የተዘረጋው። መብራቱን አበራሁ። ሲበራ ጥላው እንደማንኛውም ጥላ ሆነ። ጽሑፌ ውስጥ ስለዚህ አንድም ቃል የለም።

የጉሌን ልጅ ኸድርን ኦከርን የሚባል ሰፈር ሄጄ አገኘሁት። እዚያ ከሚሠሩት ሕንጻዎች በአንዱ ላይ ይሠራል፤ የምሳ ሰዓቱ ላይ፣ የሥራ ጫማው በሲሚንቶ ነጥቶ፣ አንድ ካፌ ውስጥ ተቀመጥን። በቀብሩ ላይ አይቼው ነበር፤ ከላሊሽ ቤተ መቅደሳቸው የመጣች ድብልብል አፈር እናቱ አፍ ውስጥ ያደረገው እሱ ነው። የእናቴን ነገር ሁሉ ነገርኩት። የፈለግሁት ቀላል ነገር ነው፤ ከቃሏ የሚፈታት ሥርዓት ካለ ይነገረኝ፣ ይፈጸም፣ ይለቅ።

ሥርዓት አያስፈልግም አለ። በእነሱ ዘንድ ሰው ይወለዳል እንጂ አይገባም። እናትሽ ደግ ሴት ናት፣ ሸሚዙ ግን ጨርቅ ነው፣ ምንም የለባትም፣ በሰላም ትተኛ። እፎይ ብዬ ኮቴን አነሳሁ። ከዚያ፣ ለመጨረስ ያህል፣ ናሪን ማን እንደሆነች ጠየቅሁት።

ቡናውን አፉ ዘንድ አድርሶ መለሰው።

"ይህን ስም ከማን ሰማሽ?"

ከእናቴ አልኩት።

"እናቴ ከሲንጃር ተራራ ከወረድን ጀምሮ ይህን ስም ጠርታ አታውቅም" አለ። "ለኔም። ለእግዜርም።" ተነሥቶ ወደ ሥራው ሄደ፤ የምሳ ሰዓቱ ገና አላለቀም ነበር።

ቤት ስመለስ ለእናቴ ደስ የሚለውን ብቻ ነገርኳት። አይቆጠርም፣ ልጁ ራሱ ነው ያለው፣ ነጻ ነሽ። ደስ አላላትም።

"እኔ ነጻ ከሆንኩ ጉሌ ብቻዋን ናት ማለት ነው" አለች። "ብቻዋን ቆማ እየጠየቋት ነው።"

እሱ የእኛ ጉዳይ አይደለም አልኳት። አንቺ የምትማሪውስ ምን ይላል አለችኝ። መዋሸት እችል ነበር፤ አንድ ቃል ይበቃ ነበር። ነገር ግን ስለማውቀው ነገር መዋሸት አልወድም። በጥንቱ እምነት ቃልን ከወገንህ ጋርም ግባው ከባዕድ ጋር ያው ቃል ነው፣ የሚጠብቀው አንድ ነው አልኳት።

"በይ እንግዲህ" አለች፣ ወደ ቀኟም ዘንበል አለች።

ከዚያ ወዲያ መብላት አቆመች ማለት ይቻላል። ሶላቷን ትሰግዳለች፣ ከሰላምታው በኋላ ግን እዚያው ምንጣፉ ላይ ተቀምጣ "አላውቅም" ትላለች። "አላውቅም አልኳችሁ እኮ።" ድምፅዋ የልጅ ድምፅ ሆነ። አጥንቷ መታየት ጀመረ። አንዳንዴ ከመልሷ በፊት ባለው ዝምታ ውስጥ የራሴን ትንፋሽ እይዝ ነበር፤ የእናቴንም እለየው ነበር፤ ከሁለታችን ሌላ የሚተነፍስ ነበር። ይህን የምጽፈው እንዲታመን አይደለም።

ኸድር ሳይደውል መጣ። እሑድ ከሰዓት ነበር። በር ላይ ጫማውን አውልቆ ገባና እናቴ ፊት ለፊት ተቀመጠ፤ ያቀረብኩለትን ሻይ አልነካም። የክሳቷን ነገር ሲያይ ፊቱ ተለወጠ። ምን ብለው እንደጠየቋት ጠየቃት። ነገረችው፤ ኖርዌይኛዋ የተሰባበረ ቢሆንም ጥያቄው አጭር ነበር።

እሱም ይናገር ጀመር። ናሪን ልጁ ነበረች። ዳኢሽ መንደራቸው ሲደርስ ወደ ሲንጃር ተራራ ሸሹ፤ ነሐሴ ነበር፤ ውሃ አልነበረም። ልጅቷ በትኩሳት ወደቀች፤ እናቱ ደግሞ መራመድ አቃታት። ከሁለቱ አንዷን እንጂ ሁለቱንም መሸከም አልቻለም። ከወዲያኛው ሸለቆ ውሃ አለ አሏቸው። ልጅቷን ከአንድ ትልቅ ድንጋይ ሥር አስተኛትና እናቱን አዝሎ ሄደ፤ አድርሷት ሊመለስ። መመለሻው መንገድ ተዘጋ።

"ጥላው በምዕራብ በኩል ነበር" አለ። "ጧት ነበር። ጥላው እንደሚዞር አውቅ ነበር። ከቀትር በፊት እመለሳለሁ ብዬ ነው።"

እናቴ እጆቿን ጭኗ ላይ አድርጋ ትሰማው ነበር።

"እናቴ አልተወቻትም" አለ። "አውርደኝ፣ ልጅቷን ያዝ ስትለኝ ነበር። ትከሻዬን ነከሰችኝ። አላወረድኳትም። ይህን በይላቸው። የመረጥኩት እኔ ነኝ፣ እሷ አይደለችም።"

እናቴ ወደ ቀኟ ዘንበል አለች። በዓረብኛ ተናገረች፣ ቀስ ብላ፣ ምንም ሳትጨምር፤ ምዕራብ፣ ጧት፣ አውርደኝ፣ ነከሰችው። ከዚያ ሰማች። ለብዙ ጊዜ ሰማች። ትከሻዋ ሲወርድ አየሁት፤ ከባድ ነገር ተሸክሞ የኖረ ሰው ሲያስቀምጠው እንደሚወርደው።

"አለፈች" አለች።

ኸድር ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። እኔ ተነሥቼ ኩባያዎቹን ሰበሰብኩ፤ አለቀ፣ እናቴ ዛሬ ትበላለች፣ ነገ ጽሑፌ ላይ እቀመጣለሁ እያልኩ ነበር። የእናቴ ጥያቄ ያኔ ነው የመጣው።

"ያንተስ የአኺራ ወንድም የት ነው ልጄ?"

"መንደራችን ውስጥ ቀረ" አለ። "ወንዶቹን በሙሉ ባቆሟቸው ቦታ።"

"ታዲያ ስለ ጥላው አንተን ሲጠይቁህ ማን አብሮህ ይመልሳል?"

 እጆቹን ከፊቱ አነሳና እናቴን አያት፤ አልለመነም፤ የሚለምንም ሰው አልነበረም።  እናቴ ቀኝ እጇን ከጭኗ አነሳች። እጇ ወደ እሱ ገና ሊዘረጋ ሲል ኩባያዎቹን ጥዬ እጄን በእጇ ላይ አደረግሁ፣ ጭኗ ላይም መልሼ ያዝኩት። አጥንቷ በመዳፌ ውስጥ ተሰማኝ። ታገለችኝ፣ ኃይል ግን አልነበራትም።

ኸድር እጆቻችንን አየ።

"ያ" አለኝ። "ልክ ነሽ።"

ተነሣ፣ ኮቱን ለበሰ፣ ጎንበስ ብሎ ጫማውን አሰረ፤ ሲያስር ጊዜ ወሰደ። እናቴ ስሙን ጠራችው። እጇን አልለቀቅሁም። እሱም ዞር ሳይል ወጣና በሩን፣ የተኛ ሰው ያለበት ቤት ይመስል፣ ቀስ አድርጎ ዘጋው።