የቀኝ እጅጌ

ሐሙስ ቀን፣ ዘጠኝ ሰዓት ከሩብ ላይ ነበር። ልብስ ሰፊዋ ሁለቱን እጅጌዎች ከጥቅላቸው አውጥታ መቁረጫው ጠረጴዛ ላይ ጎን ለጎን ዘረጋቻቸው፤ እጇም እዚያው እንደተዘረጋ ቀረ። አንዱን አንስታ ገለበጠችው። መለሰችው። ሌላውን አነሳች። ሁለቱም የግራ ነበሩ።

ጨርቁ ጥቁር ሰማያዊ ሱፍ ነው፤ ፊትና ጀርባ አለው። ፊቱ ለስላሳ፣ ጀርባው ሻካራና ደብዛዛ ስለሆነ ገልብጦ መጠቀም አይቻልም። ጨርቅ ሲበቃ ታጥፎ ሁለቱ እጅጌዎች አንድ ላይ ይቆረጣሉ። ሲያጥር ግን አንድ በአንድ ነው፤ ያኔ ልክ የወጣበትን ካርቶን ለሁለተኛው መገልበጥ ያስፈልጋል። ይህን የሚረሳ ጀማሪ ነው። እነዚህን የቆረጠችው ግን ጀማሪ አልነበረችም። ዕድሜዋን ሙሉ በዚህ ጠረጴዛ ላይ ስትቆርጥ ስንዝር ጨርቅ ያላበላሸች፣ ሰፈሩ ሁሉ «እትዬ መቀስ» የሚላት ሴት ነበረች። ከሞተች ወር አልሞላትም።

ሰፊዋ ወደ በሩ ላለማየት ታገለች። ከበሩ ጀርባ ሚስማሩ ላይ የእትዬ ኮት ተሰቅሏል። የነካው ሰው የለም። ትከሻው ገና እንደሞላ ነው። ቀን ቀን በሩን ወለል አድርጋ ከፍታ ትሸፍነዋለች፤ ጠዋት ስትገባ ግን «እንደምን አደርሽ፣ እትዬ» ትለዋለች፣ ማታም መብራት የምታጠፋው ፊቷን ወደ እሱ አድርጋ ነው። ለሰው አትናገረውም እንጂ፣ ስፌት መኪናዋን ባቆመች ቁጥር ጠረጴዛው ላይ መቀስ ሲሄድ ትሰማለች። ክርች፣ ክርች፣ ክርች። የእትዬ የተረጋጋ አቆራረጥ። ቀና ስትል ጠረጴዛው ባዶ ነው።

ሥራቸው እንዲህ ነበር፤ እትዬ ትቆርጣለች፣ እሷ ትሰፋለች። እትዬ «እስቲ አንድ ቀን እንኳ ቁረጪ» ስትላት «እጄ ይንቀጠቀጣል» እያለች ትሸሽ ነበር። ስፌት ቢበላሽ ይተረተራል፤ የተቆረጠ ጨርቅ ግን ምን ይደረጋል?

እጅጌዎቹ የተቆረጡለት ኮት ደግሞ የአንዲት ሞግዚት ነው። ሞግዚቷ ታች መንገድ ባለው የሕፃናት ማቆያ የምትሠራ፣ ድምፅዋ የማይሰማ ሴት ናት። ነገ ሦስት ሰዓት ላይ ፍርድ ቤት ቆማ በባሏ ላይ ትመሰክራለች። ቀኝ ክንዷን የሰበረው እሱ ነው፤ አጥንቱ ጠሞ ስለገጠመ ክርኗ አይዘረጋም። ሁለት ጊዜ ተጠርታ ሁለት ጊዜ ከደጃፉ ተመልሳለች። መጀመሪያ ፈርታ ነው። በሁለተኛው ክንዷን በሻርፕ ጠቅልላ ደረጃውን ስትወጣ የባሏ እህት «አዩልኝ፣ ለማኝ መስላ ልታስለቅስ መጣች» ብላ ስትስቅ ሰማች። የነገው የመጨረሻ ቀጠሮ ነው፤ ካልቀረበች መዝገቡ ይዘጋል።

እትዬ ይህን ስትሰማ ከሳጥኗ ሥር፣ የራሷን ኮት ስትሰፋ በትርፍ ገዝታ ለዓመታት ያስቀመጠችውን ጨርቅ አወጣች። ሰፊዋ «ለማን ነው?» ብላ ስትጠይቃት «ባለቤቷ ትመጣለች» እያለች የምታልፈውን ጨርቅ። «የኔን የመሰለ ኮት ለብሰሽ ቀና ብለሽ ትገቢያለሽ» አለቻት ሞግዚቷን። «እኔም አብሬሽ እገባለሁ።»

«አንቺ! መኪናሽ ምነው ዝም አለ? የሞትሽ መስሎኝ ፀጉሯን ካስክ ውስጥ የምታደርቅ ሴትዮ ጥዬ ነው የመጣሁት!»

የጎረቤቷ ፀጉር ሠሪ ናት፤ ቅባት የነካው እጇን በፎጣ እየጠረገች ገባች። ያለችው ነገር ዘግይቶ ገብቷት ወደ በሩ ጀርባ ዞር አለችና «ይቅርታ፣ እትዬ» አለች ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ።

ሰፊዋ እጅጌዎቹን አሳየቻት።

«ሁለት ግራ? እትዬ? አይደረግም!»

«አድርጋዋለች። ደክማ ነበር። አልነገረችንም እንጂ ደክማ ነበር።»

«በሌላ ጨርቅ ተኪዋ።»

«ይህ ጨርቅ ከገበያ ከጠፋ ስንት ዘመኑ! አንድ እጇን ሰማያዊ፣ አንድ እጇን ጥቁር አድርጌ ልላካት? ያቺ ሴትዮ ድጋሚ ትሳቅባት?»

ሞግዚቷ ልትለካ የመጣችው በዚህ መሃል ነው። ደጃፉ ላይ ቆማ የመጨረሻውን ሰምታለች። ጠረጴዛውን አየች፣ ሁለቱን ሴቶች አየች። አልተቆጣችም። ይህ ነው ሰፊዋን የበለጠ ያስፈራት።

«ይቅር በቃ» አለች። «ዕድሌ አትሂጂ ሲለኝ ነው። እናንተ ምን አጠፋችሁ።» ቦርሳዋን ትከሻዋ ላይ አስተካክላ ዞረች።

«የት? የት አባሽ ልትሄጂ?» ፀጉር ሠሪዋ ዘልላ ቀደመቻትና በሩን በኃይል ዘጋችው። «ነገ ሱቄን ዘግቼ፣ ፀጉርሽን ራሴ ሠርቼ ልወስድሽ ነው እንጂ ዛሬ ልሸኝሽ ነው?»

በሩ ሲዘጋ ከጀርባው የተሰቀለው ኮት ብቅ አለ። በድንጋጤ እንደባነነ ሰው ተወዛወዘ፤ ቀኝ እጅጌው ተወርውሮ የሞግዚቷን ትከሻ ነካና ተመለሰ።   ሰፊዋ እግሯ እንዴት እንዳደረሳት ሳታውቅ ኮቱን ከሚስማሩ አወረደችው።

«ምን ልታደርጊ ነው?» አለች ፀጉር ሠሪዋ።

«አብሬሽ እገባለሁ ብላታለች።»

ኮቱ ጠመኔ ጠመኔ ይሸታል። ሰፊዋ ጠረጴዛው ላይ አስተኝታ በምላጭ የቀኝ ትከሻውን ስፌት አንድ በአንድ መተርተር ጀመረች። የእትዬ የራሷ ስፌት ነው። ያን ኮት ብቻ «አንቺ ለኔ ትቸኩያለሽ» ብላ ቀልዳ፣ ሱቁ ሲዘጋ ብቻዋን እየተቀመጠች የሰፋችው ራሷ ነበረች። እጅጌው ሲላቀቅ ሰፊዋ ገበሩን ወደ ውጭ ገለበጠችው፤ ጣቷም ክርኑ ላይ ቆመ። ሦስት ትናንሽ እጥፋቶች አሉ። እጅጌው ወደ ውስጥ እንዲታጠፍ ሆኖ ነው የተሰፋው። የግራውን ዳበሰች። ምንም የለውም፤ ቀጥ ያለ ነው።

«ግራኝ ነኝ ትለን አልነበረም?» አለች ፀጉር ሠሪዋ ቀስ ብላ። «ሲፈጥረኝ ነው እያለች?»

ሰፊዋ በሙቀት እንኳ ከእትዬ ላይ የማይወልቀውን ኮት፣ ጨርቅ ስትዘረጋ ሁልጊዜ በግራዋ የምትጎትተውን፣ አብረው የሠሩባቸውን ዓመታት ሁሉ አሰበች። በአንድ ክንድ ርቀት ተቀምጣ ያ ክንድ እንደማይዘረጋ አላየችም።

ሞግዚቷ ሳትጠየቅ ክንዷን እጅጌው ውስጥ አስገባች። ክርኗ እጥፋቶቹ ላይ ልክ ገጠመ።

«ያኔ ስትለካኝ» አለች፣ ዓይኗን ከእጅጌው ሳታነሳ፣ «ግራዬን በሜትር ለካች። ለቀኙ ግን ሜትሩን አላነሳችም። ክንዷን ከክንዴ አጠገብ አድርጋ ዝም ብላ አየችው። በቃ አለችኝ።»

«ታዲያ ሁለት ግራ የቆረጠችው ተሳስታ ነው ወይስ ሆን ብላ?» አለች ፀጉር ሠሪዋ። 

እጅጌው በሦስት ጣት ይረዝማል። ማሳጠር ማለት መቁረጥ ነው። ሰፊዋ የእትዬን መቀስ አነሳች፤ የግራኝ መቀስ ስለሆነ በቀኟ ስትሞክረው ጨርቁን አኘከው እንጂ አልቆረጠውም። ትንሽ አሰበች። ከዚያ ወደ ግራ እጇ አዛወረችው። እጇ ተንቀጠቀጠ። ሞግዚቷ የጨርቁን አንድ ጫፍ፣ ፀጉር ሠሪዋ ሌላውን ወጥረው ያዙላት።

ክርች። ክርች። ክርች።

ቀና አላለችም። ይህን ድምፅ ታውቀዋለች፤ ሰሞኑን ሁሉ ስትሰማው የነበረው ነው።

በማግስቱ ሦስቱም ሄዱ። ካስኩ ቀዝቅዞ፣ ሁለቱም ሱቆች ተዘግተው ዋሉ። የባሏ እህት ደረጃው ላይ ቆማ ነበር፤ ሞግዚቷን አይታ አፏን ልትከፍት ስትል ፀጉር ሠሪዋ «ደህና አደርሽ እመቤቴ፣ ፀጉርሽ ግን አላደረም» ብላት አለፈች። አዳራሹ ውስጥ ሞግዚቷ ቀኝ እጇን እንድታነሳ ተነገራት። አነሳችው። ክንዷ የቻለው ያህል ብቻ ነው የወጣው፤ ሰማያዊው እጅጌ ግን ሳይጨማደድ አብሮ ወጣ። ሰፊዋ ከኋላ ወንበር ሆና ጎኗ ያለውን ቦታ አየች። ሳታስበው ለአንድ ሰው የሚበቃ ትታ ነበር የተቀመጠችው።

ሞግዚቷ መናገር ጀመረች።

ባሏ ላይ ፍርዱ የተሰጠው ዘግይቶ፣ ክረምቱ ካለፈ በኋላ ነው። የእትዬ ኮት ዛሬም ከበሩ ጀርባ ሚስማሩ ላይ ተሰቅሏል፤ ቀኝ እጅጌ የለውም።