ደራ፦ ስንዴ መቶ አሥራ ስምንት ብር

ኢፍቱ ጫላ ናዝሬት በሚገኝ የዱቄትና የማካሮኒ ፋብሪካ ውስጥ በዋጋ ክፍል ስድስት ዓመት ሠርታለች። ፋብሪካው ከጣሊያኑ ባለቤት ከተወረሰ ወዲህ ሦስት ሥራ አስኪያጆች ተፈራርቀውበታል፤ የዋጋ ክፍሉ ግን ሁልጊዜም አንድ ጠረጴዛ፣ አንድ የሒሳብ መኪናና እሷ ብቻ ነበር። በየወሩ ሦስት ነገር አጣርታ በአንድ ገጽ ታሰፍራለች፤ ስንዴ በአርሲ ገበያዎች ስንት እንደዋለ፣ አንድ ኩንታል ማካሮኒ ፋብሪካውን ስንት እንደሚያስወጣው፣ ጅቡቲ ያለው ገዢ ስንት እንደሚከፍል። አንዱ ቅጂ ለሥራ አስኪያጁ፣ ሌላው ለፋብሪካው ስንዴ ለሚመድበው የእህል ኮሚቴ ይሄዳል።

ሠላሳ አንድ ዓመቷ ነው፤ አላገባችም። እናትና አባቷ በልጅነቷ ስለሞቱ ያሳደጋት ታላቅ ወንድሟ ጉደታ ነው። ከደራ ወጣ ብሎ ባለው መሬቱ ላይ እያረሰ ናዝሬት ሚሲዮን ትምህርት ቤት አስገባት፣ የንግድ ሥራ ዲፕሎማ እስክትይዝም አስተማራት። ሚሲዮኖቹ ዘንድ ሳለች ጌታን ተቀበለች። የምትሄድበት ጸሎት ቤት ከታሸገ ሁለት ዓመት ሆኖታል፤ እሑድ እሑድ አምስት ስድስት ሆነው በአንዳቸው ቤት ይሰበሰቡና መዝሙሩን በሹክሹክታ ይዘምራሉ።

በ1977 ዓ.ም. ኅዳር መግቢያ ላይ ከጅቡቲ ቴሌክስ መጣ። ገዢው የጣሊያን ማካሮኒ በመርከብ በርካሽ እየገባለት ስለሆነ ለናዝሬቱ ማካሮኒ ከአሁን በኋላ በኩንታል ከአርባ አምስት ዶላር በላይ እንደማይከፍል አስታወቀ። ባለፈው ዓመት ሃምሳ ሁለት ነበር የከፈለው። ኢፍቱ አርባ አምስቱን ወደ ብር ለወጠችው፤ ዘጠና ሦስት ብር ከአሥራ አምስት ሳንቲም መጣ።

ወረቀቱን ይዛ ሥራ አስኪያጁ ጓድ ሰንበታ ቢሮ ገባች። ሃምሳን ያለፉ፣ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው የማይናገሩ ሰው ናቸው።

“ዋጋው ወርዷል። ውሉን እናዘግየው ወይ?” አለቻቸው።

“የተጠየቅነው ዶላር ነው እንጂ ትርፍ አይደለም” አሉ። “ስንዴውን በመንግሥት ዋጋ በሠላሳ ሁለት ብር ስለምናገኘው አንከስርም። ስምንት መቶ ኩንታል እስከ ጥር መጨረሻ ባቡር ላይ መጫን አለበት።”

በዚያው ሳምንት ቅዳሜ ኢፍቱ የወሩን ዋጋ ልታጣራ ደራ ወረደች። ክረምቱ ነሐሴ ላይ ድንገት አቋርጦ ስለነበር ከአውቶቡሱ መስኮት የሚታየው ማሳ ሁሉ ሳያሽት የደረቀ ነው። ገበያውም እንደ ወትሮው አይደለም። ሌላ ጊዜ አህያው መተላለፊያ የሚያሳጣበት የእህል ተራ ላይ ሃያ የሚሆኑ ጆንያዎች ብቻ ተደርድረዋል። አንዲት ሻጭ ዋጋውን ስትጠይቃት ለኩንታል መቶ አሥራ ስምንት ብር አለቻት። ባለፈው ዓመት በዚህ ወር ሃምሳ አምስት ነበር።

“በዚህ ዋጋ ከእናንተ ማን ይገዛል?” አለች ኢፍቱ።

“ገበሬው ነዋ። እኛ ከባሌ በስርቆሽ እናመጣለን፣ እሱ ይገዛል።”

ኢፍቱ ዘወር ብላ ገዢዎቹን አየቻቸው። እውነትም ገበሬዎች ናቸው። ከመካከላቸው አንዱ አጎንብሶ ስንዴውን በመዳፉ እያፈሰ ያይ ነበር፤ ቀና ሲል ጉደታ ሆነ።

“አካም ቡልቴ፣ ኢፍቱ” ብሎ በኦሮምኛ እንዴት አደርሽ አላት፣ እንደ ማፈር ብሎ።

“ነጋ፣ ደኅና ነኝ። ጋሼ፣ እርስዎ ስንዴ ይገዛሉ?”

“ምን ላድርግ። ከማሳው ያገኘሁት ሦስት ኩንታል ነው። የገበሬ ማኅበሩ የጣለብኝ ኮታ ደግሞ አምስት ነው። ካላሟላሁ መሬቱን ለሌላ ይሰጡብኛል።”

“በመቶ አሥራ ስምንት ገዝተው በሠላሳ ሁለት ሊያስረክቡ?”

“ሁሉም እንደዚያ ነው የሚያደርገው። እኔ ብቻ አይደለሁም።”

“ብሩን ከየት አገኙት?”

“ዳለቻውን በሬ ሸጥኩት።”

ሦስቱንም ኩንታል ካስረከበ ልጆቹ ምን እንደሚበሉ ጠየቀችው። ትንሽ በቆሎ እንዳለችው፣ እስከ የካቲት እንደምታደርሳቸው ነገራት። ከዚያ ሁለቱን ኩንታል በአህዮች አስጭኖ፣ ደኅና ሁኚ ብሏት ሄደ። ሲራመድ ከኋላ ስታየው ትከሻው ከስቷል።

ሰኞ ሠንጠረዡን ስትሠራ ቁጥሮቹ ጎን ለጎን ወጡ። ማካሮኒው ተፈጭቶ፣ ተቦክቶ፣ ደርቆ፣ በካርቶን ታሽጎ ጅቡቲ ድረስ ሄዶ ዘጠና ሦስት ብር ያወጣል። ጥሬው ስንዴ ደራ ላይ መቶ አሥራ ስምንት ነው። ኢፍቱ ከሠንጠረዡ ሥር አንድ አንቀጽ ጨመረች፦ “በደራ ገበያ ስንዴ በኩንታል በ118 ብር የሚገዙት አርሶ አደሮቹ ራሳቸው ናቸው። ገዝተው በ32 ብር ለኮታ ያስረክባሉ። ይህንንም ለማድረግ የእርሻ በሬዎቻቸውን በመሸጥ ላይ ይገኛሉ። ስለዚህ የአካባቢው ኮታ እንዲቀነስና ወደ ውጭ የሚላከው ማካሮኒ እስከሚቀጥለው ምርት እንዲዘገይ ሐሳብ እናቀርባለን።”

ጓድ ሰንበታ ቆመው አነበቡትና በሩን ዘጉ።

“ይቺን አንቀጽ አውጫት።”

“ስሕተት አለባት?”

“የለባትም። ግን አንዴ ከእጃችን ከወጣች ማን እንዴት እንደሚያነባት አናውቅም።” ወንበራቸው ላይ ተቀመጡ። “ደግሞ ስላንቺ የሚጠይቁኝ ሰዎች አሉ። ጴንጤ ናት፣ ውይይት ክበብ አትመጣም ይሉኛል። ሥራዋን ታውቃለች እያልኩ እስካሁን መልሻቸዋለሁ። ለእነሱ መንገድ አትክፈቺላቸው።”

“የሚወስኑት ሰዎች ካላወቁት እንዴት ያስተካክሉታል፣ ጓድ ሰንበታ?”

“አውጫት ብዬሻለሁ” አሉና ወረቀቱን መለሱላት።

ወደ ጠረጴዛዋ ተመልሳ ብዙ ቆየች። ፈርታ ነበር። የኮሚቴው ሰዎች ደራን አይተውት አያውቁም፣ ቁጥሩን ቢያዩት ግን ይገባቸዋል ብላ አሰበች። ለሥራ አስኪያጁ አንቀጹ የሌለበትን አዲስ ቅጂ በታይፕ መታች። የመጀመሪያውን ወረቀት ለኮሚቴው በሚሄደው ፖስታ ውስጥ ከተተችው።

ሦስት ሳምንት ምንም አልተሰማም። በታኅሣሥ አጋማሽ፣ አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ የፋብሪካው የጭነት መኪና ሹፌር አብዱናሲር ቤቷ ድረስ መጣ። የወሎ ልጅ ነው፤ ከአርሲ ስንዴ ማመላለስ ከጀመረ ዓመታት ሆኖታል፤ ጉደታንም እህቱን ሊጠይቅ ፋብሪካው በር ላይ ሲመላለስ ያውቀዋል። አልቀመጥም ብሎ ቆሞ ነገራት።

“ትናንት ደራ ገበያውን ከበቡት። ሚሊሺያ ነው፣ ካድሬም አለበት። የሸጠውንም የገዛውንም ለቃቅመው ያዙ። ቀጥለው ገበሬው ቤት ገብተው የተገዛ ነው ያሉትን ስንዴ ሁሉ አወጡ። እኔንም አስቁመው አስጫኑኝ። መቶ አርባ ኩንታል ይሆናል፣ እኛው መጋዘን ነው ያራገፍኩት።”

“ወንድሜን አየኸው?”

“አየሁት። እጁን ታስሮ ከሌሎቹ ጋር ቁጭ ብሎ ነበር።”

“ለምንድን ነው የያዟቸው?”

“ካድሬው ወረቀት አውጥቶ አነበበላቸው። ‘በደራ ገበያ ስንዴ በ118 ብር የሚገዙት አርሶ አደሮቹ ራሳቸው ናቸው’ ይላል። ኮታ በጥቁር ገበያ የሚሞላ ሁሉ አሻጥረኛ ነው፣ ገንዘብ ካለው እህልም ደብቋል አሏቸው።”

ኢፍቱ የበሩን መቃን ያዘች። አብዱናሲር ለወንድሟ ደንግጣ መሰለው፤ አይዞሽ፣ ብዙ አያቆዩአቸውም ብሏት ሄደ።

በማግስቱ ከሥራ ቀርታ ወደ ደራ ሄደች። የጉደታ ሚስት ጉዲቱ ሦስት ልጆቿን ይዛ ደጃፏ ላይ ተቀምጣለች። ጎተራው ተገልብጦ ቀርቷል።

“የገዛውንም የራሱንም ወሰዱት” አለች። “በቆሎዋንም አልተዉም። ኮታው ግን ገባ ተብሎ አልተቆጠረለትም አሉኝ።”

ከዚያ በኋላ ኢፍቱ ያልረገጠችው ቢሮ የለም። መጀመሪያ ለጓድ ሰንበታ ሁሉንም ነገረቻቸው። ሰምተው ሲጨርሱ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጴዛ ላይ አስቀመጡ።

“ምን ልበልሽ” አሉ። “ላማልድ ብሄድ ወረቀቱን የጻፈችው እህቱ ናት ማለቴ አይቀርም። ያኔ እሱንም አንቺንም በሌላ ዓይን ያዩአችኋል።”

ኮሚቴው ዘንድ ራሷ ሄደች። የተቀበላት ሰው ወጣት ነው፤ ከየት እንደመጣች ሲሰማ ተነሥቶ ጨበጣት።

“ያነቃችን የእናንተ ወረቀት ናት” አላት። “ስለ ደራ እንደዚያ በዝርዝር የጻፈልን የለም። የሌሎቹንም ገበያ በየወሩ እንደዚሁ አድርገሽ ላኪልን።”

“እኔ የጻፍኩት ኮታው እንዲቀነስ ነበር።”

“እሱን አይተነዋል። ስንዴው ግን አለ ማለት ነው። ሲሸጥ አይተሻላ።”

“ከታሰሩት አንዱ ወንድሜ ነው። ምንም የደበቀው የለም። በሬውን ሸጦ ነው የገዛው።”

ሰውየው ተመልሶ ተቀመጠ። ፊቱ ተለወጠ። “ጉዳዩ በምርመራ ላይ ነው” አለና ሌላ ወረቀት ማገላበጥ ጀመረ።

ጥር ማለቂያ ላይ ስምንት መቶው ኩንታል ተጫነ። ኢፍቱ የዋጋ ሰነዱን ለማስረከብ ባቡር ጣቢያ መሄድ ነበረባት። ከጅቡቲ የመጣው ባቡር ለተራቡት የተላከ የእርዳታ ስንዴ ይዞ ነበር። ወዛደሮቹ ጆንያዎቹን አራግፈው ሲጨርሱ ፉርጎዎቹን ጠረጉና የማካሮኒውን ካርቶን በዚያው ውስጥ መደርደር ያዙ። የጣቢያው ሠራተኛ ሰነዱን ተቀብሎ ማኅተም መታ፤ ለእሱ እንደ ማንኛውም ቀን ነበር። እሷም በታዘዘችበት ቦታ ሁሉ ፈረመች።

ጉደታ መጋቢት ውስጥ ተፈታ። እስር ቤቱ ውስጥ ተስቦ ገብቶ ነበር፤ የለቀቁትም ስለታመመ ነው። አብዱናሲር በመኪናው ናዝሬት ኢፍቱ ቤት አመጣው፤ ደራ ሐኪም የለምና እሷ ዘንድ መተኛት ነበረበት። ጤና ጣቢያ ወስዳ መርፌ አስወጋችው፣ አጥሚት እያፈላች አጠጣችው። ሰባተኛው ቀን ላይ ትኩሳቱ ቀለል ብሎለት ትራሱን ተደግፎ ተቀመጠ። ኢፍቱ በርጩማ ስባ አጠገቡ ተቀመጠች።

“ጋሼ፣ ካድሬው ያነበበላችሁን ወረቀት የጻፍኩት እኔ ነኝ።”

ጉደታ ዓይኑን ወደ እሷ መለሰ። የተቆጣ አይመስልም፤ እያሰበ ነበር።

“ያየሽውን ነው የጻፍሽው?”

“አዎ። ኮታውን ይቀንሱላችኋል ብዬ ነበር።”

“ስሜን ጽፈሽ ነበር?”

“የማንንም ስም አልጻፍኩም።”

ውኃ ስጪኝ አላት። ጠጥቶ ብርጭቆውን መለሰላትና “ለጉዲቱ አትንገሪያት” አለ። “ካወቀች ከእጅሽ ምንም አትቀበልም። እልኸኛ ናት። ከአንቺ ሌላ ደግሞ ልጆቹን የሚያይልኝ ሰው የለም።”

“እርስዎ ድነው ያዩዋቸዋል።”

“እሺ በይኝ።”

“እሺ” አለች።

በአሥራ አንደኛው ቀን ጠዋት ትኩሳቱ ተመልሶ መጣ፤ ከሰዓት በኋላ ሞተ። አስከሬኑን በአብዱናሲር መኪና ወስደው ደራ ቀበሩት። ለቅሶው ላይ አብሮት ታስሮ የነበረ አንድ ጎረቤት ስለ ገበያው ቀን ሲያወራ ጉዲቱ ሰማችው። ሰው ሲቀንስ ኢፍቱን ወደ ጓሮ ጠራቻት። ዓይኗ አብጧል፤ ድምፅዋ ግን የረጋ ነበር።

“ወረቀቱ ከእናንተ መሥሪያ ቤት ነው የወጣው ይላሉ። የጻፈውን ሰው ታውቂዋለሽ?”

ኢፍቱ ከልጅነቷ ጀምሮ በዚህ ቤተሰብ ፊት ዋሽታ አታውቅም።

“አላውቀውም” አለች።

“ብታገኚው ትነግሪኛለሽ?”

“እነግርሻለሁ።”

ጉዲቱ ራሷን ነቀነቀችና ወደ ለቅሶተኛው ተመለሰች። ኢፍቱ ያመጣችውን ግማሽ ኩንታል በቆሎ አብዱናሲር ከመኪናው ሲያወርድ አገዘችው።

ከዚያ ወር ጀምሮ ደመወዟን በተቀበለች ማግስት ደራ ትወርዳለች። ጉዲቱ የምታመጣውን ትቀበላለች፣ ልጆቹን ሳሟት ትላለች፣ ምሳ በልተሽ ሂጂ ብላ አጥብቃ ታስቀምጣታለች። የእህል ተራው ገበያው ከተከበበበት ቅዳሜ በኋላ አልተከፈተም። ኮሚቴው ሠንጠረዡን በየወሩ ስለሚጠይቅ ኢፍቱ በደራ መስመር ላይ የመንግሥቱን ዋጋ፣ ሠላሳ ሁለት ብርን ትጽፋለች። ጓድ ሰንበታ አንብበው ይፈርማሉ።