አራቱም ግድግዳ የተመታበት ሳሎን

ዲዛይነሯ ለፊልም የማትሠራው ቤት የለም፤ ቤተ መንግሥት ቢሏትም በችፑድና በቀለም ታቆመዋለች። ለዚህኛው ፊልም ዳይሬክተሩ የጠየቃት «የሰው ትንፋሽ የሚያጥርበት ሳሎን» ነበር። መጋዘኑ ውስጥ ሠርታ ስትጨርስ ገብቶ ዞር ዞር አለና አንገቱን አሻሸ።

«ካሜራው በየት ይገባል?» አላት።

የፊልም ቤት አንዱ ግድግዳው ሲፈለግ ተነቅሎ ይነሳል፤ ይህን ጀማሪም አይስተውም። እሷ ግን አራቱንም በምስማር አስመትታለች። ስንቱን ቤት ያቆመች ሴት ይህን እንዴት ትርሳ? ሁሉም ጋሼ የሚሉት አናጢ መዶሻውን ይዞ «ልጄ፣ የቱን ልንቀል?» ቢላት አራቱንም ተራ በተራ አየቻቸው።

የዚያን ቀን ሌላም መልስ ይጠበቅባት ነበር። ዳይሬክተሩ ቀጣዩን ፊልም ሌላ ከተማ ሊሠራ ነው፤ «ያላንቺ አይሆንም፣ ነይ» ብሏታል። መሄዱን አጥብቃ ፈልጋዋለች። የቸገራት ለባሏ መንገሩ ነው። ሰውየው አይማታም፣ አይሳደብም፤ «እኔ አውቅልሻለሁ» ይላል እንጂ። ጫማዋን እንኳ የሚመርጥላት እሱ ነው። ከሱ ጋር መከራከር ውኃ ቢወቅጡት እምቦጭ ስለሆነ የሆዷን በሆዷ ይዛ ከረመች።

ይኸው ባሏ ሊወስዳት መጣ። ገና ሲገባ ፊቱ በራ። «ውይ፣ ቤታችንን አመጣሽው? ሶፋው፣ መጋረጃው፣ የቴሌቪዥኑ ቦታ ሳይቀር» ብሎ ማንም ሳይጋብዘው ሶፋው ላይ ተዘረጋ። እሷም የሠራችውን ገና ያኔ አየችው። አፈረች፤ ከዚያ ፈራች።

ዳይሬክተሩ ጉሮሮውን ጠረገ። «ለጉዞው ምን ወሰንሽ?»

«የምን ጉዞ?» አለ ባሏ። «እሷ መንገድ አይስማማትም። ከዚህ በኋላ ታርፋለች፣ እኔ አውቅላታለሁ።»

ሁሉም ወደ እሷ ዞሩ። «እሄዳለሁ» ብትል ይበቃ ነበር። ጋሼ እንኳ መዶሻውን አስቀምጦ ጠበቃት።

«ይልቅ ሻይ ነገር አምጪልን እስቲ» አለ ባሏ፣ በገዛ ቀልዱ እየሳቀ።

ሌላ የሳቀ የለም። ዲዛይነሯ ግን «እሺ» ብላ መንገድ ጀምራለች። ሄዳ ልክ እንደ ቤታቸው ሳሎኑ ጥግ ያስገጠመችውን የወጥ ቤት በር ከፈተች። ከበሩ ማዶ ወጥ ቤት የለም፤ ችፑዱን የደገፈው አጣናና የመጋዘኑ ግንብ ብቻ ነው። እንዲያ ያሠራችውም ራሷ ናት። መመለሱም ጨነቃትና እጀታውን እንደያዘች ቆመች።

«የኔን ስኳር እንዳታበዢው» አላት ባሏ ከኋላዋ።