ጓዝ አስነሺ

እናትየው መሬቷ መታመሙን ከማንም በፊት አውቃ ነበር። በቦዩ ዳር፣ አፈሩ ነጭ ቅርፊት በያዘበት በኩል፣ የሰናፍጭ ዘመድ የሆነ አረም ብቅ አለ፤ አበባው ነጭ፣ ቅጠሉ ሲቀምሱት መጀመሪያ ጨው ጨው ብሎ ኋላ ምላስ የሚያቃጥል። ሌላው ተክል በጨው ሲሞት እሱ ይፋፋል። ገበሬው ስም ሲያወጣለት አልተቸገረም፤ ጓዝ አስነሺ ይለዋል። እሱ የበቀለበት ማሳ ባለቤት ጥቂት ዓመት ይፍጨረጨርና ዕቃውን ጭኖ ይሄዳል።

እሷ ግን መሄድ አልፈለገችም። ባሏን ከቀበረች ወዲህ ምኞቷ አንድ ነው፤ ከልጅነቱ ከተማ ገብቶ በብየዳ የሚተዳደረው ልጇ ተመልሶ አጠገቧ እንዲያርስ። ስለዚህ ጎረቤት ሳይነሳ ወጥታ አረሙን ትነቅላለች፣ ቤት አምጥታ እሳት ውስጥ ትከተዋለች። ለልጇ በስልክ "መሬቱ አንተን ናፍቋል" ትለዋለች። መሬት ይናፍቃል እንዴ? የናፈቀችውስ እሷ ናት።

ታዲያ ስትቸኩል አንድ ነገር ዘነጋች፤ ጓዝ አስነሺ ፍሬ ከቋጠረ በኋላ አይነካም። የደረቀውን በጉያዋ ይዛ ማሳውን ስታቋርጥ፣ በሄደችበት ሁሉ ዘሩን እየበተነች ነበር።

ልጅየው እርጉዝ ሚስቱን ይዞ መጣ። ሽንኩርት ተከለ፤ ሽንኩርቱ ጫፉ ቢጫ ሆኖ ተኮማተረ። ውሃ አነሰው ብሎ ቦዩን ለቀቀበት፤ ውሃው ደግሞ ከታች ያለውን ጨው ይዞት ወጣ። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል እንዲሉ፣ ማሳው ከዳር እስከ ዳር ነጭ አበባ ለበሰ።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ምራቷ አንድ እቅፍ አበባ ቆርጣ ገባች። ከተሜ አይደለች፣ ምን ታውቃለች! ብርጭቆ ውስጥ ውሃ ሞልታ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው።

"እማማ፣ ይዩት እስቲ፣ አያምርም? ቤቱ የሙሽራ ቤት መሰለ እኮ።"

 ልጅየው ስልኩን በእጁ እንደያዘ ተከትሎ ገባ።

"እማዬ፣ አለቃዬ ደውሎ ነበር። ቦታህን እስከ ዛሬ ይዤልሃለሁ፣ ካልመጣህ ግን ለሌላ ሰው እሰጠዋለሁ አለኝ።" አበባውን በጣቱ ነካ አደረገው። "እኔ ብየዳ ቤት ያደግሁ ሰው ነኝ፣ አፈር አላውቅም። አንቺ ንገሪኝ፣ ይሄ ነገር ምንድን ነው? መሬቱ ከሞተ ዛሬውኑ እንሂድ፤ ልጁም እዚያው ይወለድ።"

ንገሪው አላት ልቧ። ዓይኗ ግን የምራቷ ሆድ ላይ አረፈ። ያ ልጅ እዚህ ቤት ውስጥ ሲያለቅስ መስማት ፈለገች፤ እንዲያው ክፉኛ ፈለገች።

"ተራ አረም ነው" አለች። "አባትህም ይነቅለው ነበር። ለከርሞ ይሻለዋል።"

ልጅየው እፎይ አለ። እዚያው ፊቷ ቆሞ ደወለ።

"ጋሼ፣ ቦታውን ለሰው ይስጡት። አዎ፣ እርግጠኛ ነኝ። እናቴ ናት እኮ የነገረችኝ።"