ቦሰና ያልጨረሰችው ምዕራፍ

ዶክተር ቦሰና ዕድሜዋን የፈጀችው የካናዳ ሴቶች የጻፏቸውን ልብወለዶች በማጥናት ነው። የሰፈሩ ሰው ይህን ሲሰማ «ካናዳ ነበርሽ እንዴ?» ይላታል። ረግጣውም አታውቅም። አገሩን የምታውቀው አዲስ አበባ፣ ከዊንጌት ከፍ ብሎ ካለው ቤቷ ተቀምጣ፣ ፎቶ ኮፒ ከተደረጉ አሮጌ መጻሕፍት ነው። ደራሲዎቹ ነፋሱ በማያባራ ሜዳ ላይ ከባልና ከከብት ጋር ብቻቸውን እየከረሙ፣ ልጆቻቸው ሲተኙላቸው የጻፉ ገበሬ ሴቶች ነበሩ። ስለነሱ የምታዘጋጀው መጽሐፍ አንድ ምዕራፍ ሲቀረው ዓይኗ ከዳት።

ሐኪሙ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «የዓይንዎ ግፊት ከፍ ብሎ ነርቩን ጎድቶታል። የቀረውን ለማቆየት እንሞክራለን እንጂ የሄደው አይመለስም።»

«ማንበብስ?»

«እሱን እንኳ... ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

የቀድሞ ተማሪዋ አዲሳለም ቅዳሜ ቅዳሜ እየመጣች ልታነብላት ቃል ገባች፤ መጣችም። እሷ ታነባለች፣ ቦሰና የመጣላትን ትናገራለች፣ አዲሳለም ኮምፒውተር ላይ ታሰፍራለች። ምዕራፉ እንደ ነገሩም ቢሆን ነፍስ ዘራ። ክረምቱ ሲገባ ግን ስልክ ደወለች።

«ዶክተር፣ ባለቤቴ ሐዋሳ ተቀየረ። እ... ማለቴ፣ ልንሄድ ነው።»

«ሂጂ የኔ ልጅ፣ ትዳርሽን ያዢ» አለቻት። ሌላ ምን ትበል? ትምህርት ክፍሉን ሌላ አንባቢ ብትለምን፣ እሷ ታስተምረው የነበረው ኮርስ ከተዘጋ ወዲህ በዚያ ነገር ላይ የሚሠራ ተማሪ የለም አሏት። ስልኳ እንዲያነብላትም ሞክራ ነበር፤ የደበዘዘው ፎቶ ኮፒ ላይ ሲደርስ ይቀባጥራል።

ባሏ ጉዲና ጡረታ የወጣ የከባድ መኪና ሾፌር ነው። እንግሊዝኛ አያውቅም፤ ፊደሉን ግን ይለያል። አንድ ቀን ከሰዓት ሳትጠይቀው መነጽሩን አድርጎ፣ መጽሐፉን ይዞ አጠገቧ ቁጭ አለ።

«ቲ... ኤች... ኢ...»

«ዘ!» አለች ቦሰና፤ ልቧ ዘለለ።

እሱ ፊደሉን ይጠራል፣ እሷ ቃሉን ትገጥማለች። አንዷን ገጽ ሳይጨርሱ መሸ።

«ለመሆኑ የመጽሐፉ ሴትዮ ምን ሆነች?» አላት።

«ባሏ ከተማ ወጥቶ በዚያው ቀረ። እሷ በሩ እንዳይደፈንባት በረዶውን በአካፋ ስትጠርግ ትከርማለች።»

«መጣ?»

«አልመጣም።»

ጉዲና መነጽሩን አወለቀ። «ይህንን ነው የምትጽፊው?»

«መጥረጓን ለምን እንዳልተወች ነበር ልጽፍ ያሰብኩት።»

ክረምቱን በሙሉ እንዲሁ ገፉ። መስከረም ላይ የመስኮቱ ብርሃንም ጠፋባት። ያን ቀን እጁን ይዛ «ተወው በቃ፣ ጉዲና» አለችው። «በዚህ አካሄድ ዕድሜያችን አይበቃውም።»

«ታዲያ ምን ሥራ አለኝ?» አለና ገጹን ገለጠ። «ኤስ... ኤች... ኢ...»

ቦሰና ቃሉን አልገጠመችለትም። እሱም ወደሚቀጥለው ቃል አለፈ፤ ከዚያም ወደሚቀጥለው። እሷ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ ድምፁን ብቻ ትሰማ ነበር።