ፏፏቴው የተፈቀደበት ረቡዕ

እትዬ ዘሪቱ ሃያ ሁለት ዓመት የኤርፖርት ወለል ስታጸዳ ኖራ ታኅሣሥ ላይ ጡረታ ወጣች። በእነዚያ ዓመታት ሁሉ የሰሌን ባርኔጣ አድርገው፣ አፍንጫቸው በፀሐይ ተልጦ ወደ ሲያትል ከተማ ዝናብ የሚገቡ መንገደኞችን ስታይ ኖራለች። የት እንደነበሩ ጠይቃ አታውቅም። ሻንጣቸው ላይ የተለጠፈውን ወረቀት ግን ታነብ ነበር። ለጡረታዋ ምን ይደረግላት ተብሎ ሲመከር፣ ቤተ ዘመዱ ስለ ወርቅ ሐብል ሲከራከር፣ እሷ «ካሪቢያን» አለች።

ጥር ላይ አራት ሆነን ሄድን፤ እትዬ ዘሪቱ፣ ባሏ ጋሽ ተክለ ጻድቅ፣ የቤተ ክርስቲያንና የእድር ጓደኛዋ እትዬ አዳነች፣ እና እኔ። ጋሽ ተክለ ጻድቅ የአባቴ ወንድም ነው። እኔን የወሰዱኝ የሁሉንም ፓስወርድ የማውቀው እኔ ስለሆንኩ ይመስለኛል።

ሪዞርቱ ምግቡም መጠጡም አብሮ የተከፈለበት ነበር። ጋሼ እጁ ላይ የታሰረችለትን ሰማያዊ ፕላስቲክ እንደ ሹመት ያያት ስለነበር ከግቢው መውጣት አልፈለገም። እትዬ ዘሪቱ ግን በመጀመሪያው ቀን ከእንግዳ መቀበያው አንድ የታጠፈ ወረቀት አንሥታ መጣች። የሙሉ ቀን የተፈጥሮ ጉብኝት፤ የካካዎ እርሻ፣ ምሳ፣ ፏፏቴ። በየማዕዱ ከሳህኗ አጠገብ ታስቀምጠው ጀመር።

«ዘሪቱ» አላት ጋሼ፣ «እኔ ከጫካ ነው የመጣሁት። እንጨት ተሸክሜ ስወጣ ነው ያደግሁት። አሁን ጉዞ ተብሎ ልመለስበት?»

«ፏፏቴም አለው» አለች።

«ፏፏቴ ማለት ውሃ ነው» አለች እትዬ አዳነች፤ በሹካዋ ወደ መዋኛው እያመለከተች። «ውሃው ይኸው።»

እትዬ ዘሪቱ ወረቀቱን አጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች። ለራት እንደገና አወጣችው።

ማክሰኞ እኩለ ቀን ላይ ጋሼ ሳህን ይዞ ሰልፍ ላይ ቆሞ ሳለ ስልኩ ጠራ። ብዙም አልተናገረም። ሳህኑን ባዶውን አስቀምጦ እኔንና እትዬ አዳነችን በዓይኑ ጠራን። ፎጣ የሚታደልበት ቤት ጀርባ ወሰደን። ከሲያትል የደወሉት የእድራችን ሰብሳቢ አቶ ኪዳነ ወልድ ነበሩ።

«የዘሪቱ ወንድም መንግሥቴ ደብረ ብርሃን ላይ ትናንት አርፏል» አለ ጋሼ።

እትዬ አዳነች አፏን በፎጣ ያዘች። ጋሼ ስልኩን ድምፅ ማጉያው ላይ አደረገው።

«ስሙኝ» አሉ አቶ ኪዳነ ወልድ። «መርዶ በስልክ አይነገርም። በሰው አገር፣ በዋና ልብስ መሀል ደግሞ ጭራሽ አይነገርም። ኮሚቴው ተነጋግሯል። ሐሙስ ትገባላችሁ፤ አርብ ጠዋት አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ሬኒየር ቢች ቤታችሁ እንመጣለን። እስከዚያ ምንም እንዳትሰማ። ደግሞ በደንብ ትብላ፤ ከሰማች በኋላ እህል አትቀምስም። ኦኬ?»

«ኦኬ» አለ ጋሼ።

«ስልኳን አደራ። የአጎቷ ልጆች ፌስቡክ ላይ ፎቶውን ለጥፈውታል፤ ሻማ አድርገውበታል።»

ችግሩ ይኸው ነበር። ሪዞርቱ ውስጥ ዋይፋይ የማይደርስበት ቦታ የለም። መጸዳጃ ቤት ይደርሳል፤ ባሕሩ ውስጥ እስከ ወገብ ድረስ ይደርሳል። ጋሼ ራሱን ይዞ ቆየና «ኔትወርክ የሌለበት ቦታ የት ይገኛል?» አለ።

እኔ ያንን ወረቀት አንብቤው ነበር። ከግርጌው በትንንሽ ፊደል፣ በጉብኝቱ ቀን ስልክ አይሠራም ይላል። ቀስ ብዬ ተናገርኩ። በቤተሰብ ምክር ላይ ሐሳቤ ተቀባይነት ሲያገኝ ያ የመጀመሪያው ነው።

ራት ላይ ጋሼ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ነገ ፏፏቴ እንሂድ።»

እትዬ ዘሪቱ ሹካዋን አስቀመጠች። «ማን?»

«ሁላችንም።»

«አንተም?»

«እኔም። ሶ፣ ተፈጥሮ ለደም ግፊት ጥሩ ነው።»

ትንሽ አየችው። እትዬ አዳነችን አየቻት። እትዬ አዳነች ሐብሐቡን ትመለከት ነበር። «እሺ» አለች እትዬ ዘሪቱ፤ ሌላ አልጠየቀችም። የስልኳን ቻርጀር ሻንጣዬ ውስጥ ደብቄው ነበር። ያን ምሽት አልፈለገችውም። ዕድል ቀናን ብዬ ተኛሁ።

ረቡዕ ጠዋት ሚኒባሱ ሲመጣ ጋሼ የሁላችንንም ስልክ በአንድ ፌስታል ሰበሰበ፤ «ውሃ ይገባበታል» ብሎ። መንገዱ ላይ ውሃ አልነበረም። እትዬ ዘሪቱ ፊት ወንበር ተሰጣት። ጋሼ ጃኬቱን ከጀርባዋ አደረገላት። ትዳራቸው ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው፤ ጃኬቱ ወደዚያ ወንበር ሲሄድ ግን እኔም ሹፌሩም ዞረን አየን።

አስጎብኚያችን ራሞን የሚባል ደስተኛ ሰው ነበር። ካካዎ እርሻው ላይ ፍሬውን ሰንጥቆ ነጩን ሥጋ እንድንመጥጥ ለእያንዳንዳችን ሰጠን። ሦስታችንም ድርሻችንን ለእትዬ ዘሪቱ አሳለፍን። አራት ፍሬ ይዛ ቆመች። ከዚያ ራሞን የወደቀ ግንድ አሳየን፤ አያቱ የተከሉት ዛፍ ነው፤ አምና በማዕበል ወደቀ።

እትዬ አዳነች ከማክሰኞ ጀምሮ ታግላ የያዘችው እንባ እዚያ ወጣ።

ራሞን ደነገጠ። ወደ እኔ ጠጋ ብሎ «ምን ሆኑ?» አለኝ።

«ዛፍ ይወዳሉ» አልኩት።

ባርኔጣውን አወለቀ። ጋሼም፣ ሌላ የሚያደርገው ስላጣ መሰለኝ፣ ባርኔጣውን አወለቀ። ለግንዱ ለትንሽ ጊዜ በጸጥታ ቆምን። እትዬ ዘሪቱ ግን ግንዱን ሳይሆን እኛን ነበር የምታየው።

ምሳ የተጠበሰ ዶሮ፣ ሩዝና ባቄላ ነበር። እትዬ አዳነች በሰላሙ ጊዜ ረቡዕ ቀን መነጽር አድርጋ የብስኩት ማሸጊያ የምታነብ ሴት ናት። አንድ ጊዜ ዳቦው ቅቤ ነክቶት እንደሆነ ለማወቅ ዋይት ሴንተር ያለ ዳቦ ቤት ሦስቴ ኮል አድርጋለች። አሁን ትልቁን የዶሮ ጭን አንሥታ እትዬ ዘሪቱ ሳህን ላይ አስቀመጠች።

«ብዪ።»

«ረቡዕ ነው እኮ አዳነች።»

«መንገደኛ ነሽ። አባ ፈቅደዋል።»

«መቼ?»

«በስልክ።»

ጋሼ በጠረጴዛው ሥር እትዬ አዳነችን ሊረግጥ እግሩን ሰደደ፤ ያገኘው እኔን ነው።

እትዬ ዘሪቱ ጭኑን ገልበጥ አድርጋ አየችው። «ለመንገደኛ ከተፈቀደ ለሁላችንም ተፈቅዷል» አለች። «አንቺም መንገደኛ ነሽ። ካልበላሽ አልበላም።»

እትዬ አዳነች ጋሼን አየች። ጋሼ ጣሪያውን አየ። አደራው ግልጽ ነበር፤ በደንብ ትብላ ተብሏል። እትዬ አዳነች አማተበች፤ ዓይኗን ጨፈነች፤ ዶሮውን ጎረሰች። እትዬ ዘሪቱ ክንፉንም ጨመረችላት።

ፏፏቴው መግቢያ ላይ ስንደርስ ሦስታችንም ደርቀን ቀረን። መጠጥ የሚሸጥበት ትንሽ ደሳሳ ቤት አለ፤ ከፊቱ ደግሞ በቀይ ቀለም፣ በርቀት በሚነበብ ፊደል፣ ነፃ ዋይፋይ እንዳለ የሚናገር ሰሌዳ ቆሟል። ወረቀቱ ላይ ይህ አልተጻፈም። ጋሼ ፌስታሉን ሆዱ ላይ አቅፎ ወደ ሰሌዳው ሄደና በጀርባው ተደገፈው። እጆቹን ዘረጋ፤ ፊደሎቹ ግን ከእሱ ይሰፋሉ። እትዬ አዳነች ገባትና የቀረውን በነጠላዋ ሸፈነች።

«አትመጡም?» አለች እትዬ ዘሪቱ።

«ወገቤን ያዘኝ» አለ ጋሼ።

«ጉልበቴ» አለች እትዬ አዳነች።

እንዲያ ሆነው ቀሩ። ፏፏቴውን ዛሬም አላዩትም።

ደረጃውን ሁለታችን ብቻ ወረድን። ታች ድንጋዩ ላይ ቢጫ ምልክት ቆሞ ነበር፤ ሰው ተንሸራቶ ሲወድቅ የሚያሳየው፣ እሷ ኤርፖርት ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመት ስታቆመውና ስታነሣው የኖረችው ዓይነት። ዘመም ብሏል። ጎንበስ ብላ አቃናችው። ከዚያ የመንሳፈፊያ ሰደርያዋን ከነቀሚሷ አጥልቃ ውሃው ዳር ተቀመጠች፤ እግሯን ነከረች።

«ኤዶም።»

«አቤት እትዬ።»

«አንቺ ውሸት አትችዪም። ስለዚህ አልጠይቅሽም።»

ጫማዬን አወለቅሁ።

«ተክሌ ፏፏቴ እንሂድ ሲለኝ ሰው እንደሞተብኝ አወቅሁ» አለች። «ጃኬቱን ሲሰጠኝ እርግጠኛ ሆንኩ። አዳነች ዶሮ ስታበላኝ ደግሞ የቅርብ ሰው መሆኑ ገባኝ።»

ራሞን ከላይ ሆኖ ለሌሎች ጎብኚዎች ስለ ውሃው ጥልቀት ያስረዳል።

«እናትና አባት የለኝም። የቀሩኝ እህቴ ኤልሳቤጥና ወንድሜ መንግሥቴ ናቸው። ተዪ፣ ወደዚህ አትዙሪ። ፊትሽን እንዳላይ።»

ወደ ውሃው ዞርኩ።

«ካልተነገረኝ ዛሬ ሁለቱም አሉ» አለች። «ነገም አውሮፕላን ላይ አሉ። መርዶው መቼ ነው? እሱን መናገር ትችያለሽ።»

«አርብ ጠዋት።»

«እሺ፤ እስከ አርብ አሉ።»

በሕይወቴ ጥያቄ ለመጠየቅ የምደፍረው አልፎ አልፎ ነው። «ካወቅሽ ለምን መጣሽ?» አልኳት።

«ቤት ገብቼ ሐዘን ከተቀመጥኩ ማን ያስወጣኛል? ዓመት ጥቁር እለብሳለሁ። ከዚያ ጉልበቴ ይሄዳል፤ ከዚያ ተክሌ ፏፏቴ ውሃ ነው ይላል።» በእጇ ውሃውን መታ መታ አደረገች። «ደግሞ እነሱም በጣም ደክመዋል። ያወቅሁ እንዳይመስላቸው። በተለይ አዳነች፤ ጾሟን በከንቱ ገድፋ እንዳታዝን።»

ገባች። ራሞን ውሃው ላይ የተዘረጋውን ገመድ እንዳታልፍ በፉጨት ከለከላት። አለፈችው። ፏፏቴው ሥር ደርሳ ውሃው አናቷ ላይ እየወረደ፣ ብርቱካንማ ሰደርያዋ ብቻ እየታየ፣ ራሞን እያፏጨ ትንፋሹ እስኪያጥር ድረስ ቆመች። ስትወጣ ከንፈሯ እየተንቀጠቀጠ «ቀዝቃዛ ነው» አለች፤ የተሰማትን ሁሉ በዚያ ጨረሰችው።

ላይ ስንደርስ ጋሼ እንደዚያው ተዘርግቶ ቆሟል። ፀሐይ ግንባሩን ልጦታል።

«እንዴት ነበር?» አለ።

«ውሃ ነው» አለችው።

ሐሙስ ማታ ሲያትል ገባን፤ እስከዚያ ድረስ እትዬ ዘሪቱ ስልኳን ከፌስታሉ አውጡልኝ አላለችም። እኔ እንድጠብቃት ሳሎን ሶፋው ላይ ተኛሁ። አርብ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ስነቃ እትዬ ዘሪቱ ለባብሳ፣ ፀጉሯን አስራ፣ ወጥ ቤት መብራት ሳታበራ ተቀምጣለች።

«ስንት ሰው ይመጣል?» አለችኝ።

«ሠላሳ ገደማ።»

«ወንበር አይበቃም።» ታጣፊ ወንበሮቹ ኮሪደሩ ላይ ግድግዳ ተደግፈው ነበር። ሁለታችንም አየናቸው። «ብናወጣው ያወቅሁ ይመስላል» አለች። እውነቷን ነው። ቁጭ ብለን ወንበሮቹን እያየን ጠበቅን።

መኪኖቹ መምጣት ጀመሩ። በመጋረጃው ጥግ ታያቸው ጀመር። እንዳይታዩ ብለው መብራታቸውን ሁሉ አጥፍተው፣ ቀስ እያሉ ቦታ ፍለጋ ይዞራሉ። አቶ ኪዳነ ወልድ አውቶቡስ ፌርማታው ላይ ፓርክ አደረጉ።

«እዚያ እኮ ይጎተትባቸዋል» አለች።

«ልውጣና ልንገራቸው?»

አሰበችበት። «ተዪ። ምን አስነሣሽ ይሉሻል። እኔ ገብቼ ልተኛ፤ መቀስቀስ አለብኝ።»

ልብሷን እንደለበሰች ብርድ ልብሱን እስከ አንገቷ ሳበች። ገቡ፤ ክፍሉ ሞላ፤ ኮሪደሩም ሞላ። አቶ ኪዳነ ወልድ አልጋው እግር ዘንድ ቆመው ጉሮሯቸውን ጠረጉና ስለዚህች ዓለም ጥቂት ተናገሩ። እሷ የሚሏትን እንደማታውቅ ሰው ታያቸው ነበር። ችሎታዋን አደነቅሁ።

ከዚያ «ወንድምሽ መንግሥቴ» አሉ።

ከእሷ የወጣው ድምፅ ከዚያ በፊት ሰምቼው የማላውቀው ነበር። አልጋው ላይ አልቀረችም፤ መሬት ወረደች። እስከዚያች ደቂቃ ድረስ፣ ማን እንደሞተ ባታውቅም፣ በሆዷ መንግሥቴ እንዲተርፍላት መርጣ እንደነበር ያን ጊዜ ነው የገባኝ። መንግሥቴ የእሷ ታናሽ ነው፤ አዝላ ነው ያሳደገችው። ሦስት ሴቶች ያዟት። ማንም የሚያስመስል አልነበረም።

ከቀትር በኋላ ቤቱ ጸጥ ሲል ሰዎቹ ጋሼን ከበቡት። ፊቱ እንደ ተላጠ ነው።

«እስከ መጨረሻው ምንም አላወቀችም» ይላል። «ሙሉ ቀን ጫካ ውስጥ ይዣት ዋልኩ። ሰሌዳ ሸፍኜ ቆሜ ዋልኩ።»

«መርዶ እንዲህ ነው የሚያዝ» አሉ አቶ ኪዳነ ወልድ። «እድሩ ይህን እንደ ልምድ መያዝ አለበት። ኤዶም፣ ያንን የጉብኝት ወረቀት ለኮሚቴው ኮፒ አድርጊልን።»

«እሺ» አልኩ።

እትዬ አዳነች ጥጉ ላይ ለብቻዋ ተቀምጣ ከረቡዕ ጀምሮ ለንስሐ አባቷ ምን እንደምትል ታስባለች።

እትዬ ዘሪቱ ጥቁር ነጠላዋን እስከ ቅንድቧ አውርዳ ፍራሹ ላይ ተቀምጣለች። ዓይኗ አብጧል። ድምፅ አልቀራትም። በጣቷ ጠራችኝና ጎንበስ አልኩ።

«የአቶ ኪዳነ ወልድ መኪና?» አለችኝ በጆሮዬ።

«ተጎትቷል።»

ራሷን ነቀነቀች። ነጠላዋን መለስ አደረገች።

«እኔ አላየሁም» አለች።