ወይዘሮ በልተዋል?

ከእናቴ ቀብር ተመልሼ ሥራ በገባሁ ዕለት መጀመሪያ የጠረጠርኩት ጋሽ ቱቦን ነው። ጋሽ ቱቦ ሊጠፉ የደረሱ አሣዎችን በምጠብቅበት የአሣ ቤት ገንዳ አጣቢ ነው፤ ከጠዋት እስከ ማታ የውሃ ጎማ አንገቱ ላይ ጠምጥሞ ስለሚዞር ነው ይህ ስም የወጣለት። በደህናው ጊዜ ገና በሩን ሳልፍ «እግርሽን ጥረጊ፣ አሁን ነው የወለወልኩት!» እያለ ነው የሚቀበለኝ። ያን ቀን ግን በጭቃ ጫማዬ እርጥቡን ወለል ሳቦካው እያየ፣ «እግዜር ያጥናሽ ልጄ፣ በልተሻል?» አለኝ። ያጥናሽ ማለቱስ ደግ፣ ሐዘንተኛ ነኝ። ወለሉን ዝም ማለቱ ግን አልጣመኝም።

ታላቅ እህቴ እታለም «አንቺ እኮ ጥላሽንም አታምኚ» ትለኛለች። አዎ፣ አላምንም። ተጠራጥሬ የተረፍኩበት ጊዜ አምኜ ከተረፍኩበት ይበልጣል። «ወይዘሮስ በልተዋል?» ብዬ ጠየቅሁት። ጋሽ ቱቦ ጎማውን ካንዱ ትከሻው ወደ ሌላው አዛወረና «በልተዋል፣ በልተዋል» አለ፤ ሁለቴ።

ወይዘሮ አሣ ናቸው። ከአውራ ጣት የማይበልጡ፣ የደረቀ ሣር መልክ ያላቸው፣ ጎናቸው ላይ አንዲት ቢጫ መስመር የተሰመረችባቸው አሣ። ወገኖቻቸው በሙሉ ይኖሩ የነበሩት በአንድ ምንጭ ውስጥ ነው፤ በዓለም ላይ ሌላ ቦታ አልነበሩም። ምንጩ ለከተማው ውሃ እየተባለ ተሳበ፣ ተሳበና ደረቀ። ከመድረቁ በፊት በባልዲ ያመጣናቸው ጥቂቶችም እኛው ዘንድ አንድ በአንድ አለቁ። ወይዘሮ ብቻቸውን ቀሩ፤ ወንድ የለ፣ እንቁላል የለ። እሳቸው ካለፉ ዘራቸው አለፈ ማለት ነው።

ስሙን ያወጣሁላቸው እኔ ነኝ፤ በኩራታቸው ምክንያት። ምግባቸውን በትኜ ጀርባዬን ካልሰጠኋቸው አይነኩም። ሰው እያየ መብላት ነውር ነው ያሉ ይመስለኛል። ከዚያ ወዲህ ሁላችንም አንቱ እንላቸዋለን፤ ጋሽ ቱቦ ብቻ «እኔን በዚህ ሽበቴ አንተ፣ አሣዋን አንቱ!» እያለ ሲያማርር ይውላል።

ክፍላቸው ምድር ቤት ነው። ስወርድ ከገንዳው በላይ ያለው አምፖል ተቀይሮ አገኘሁት፤ ድሮ ቦግ ይል የነበረው አሁን ጭል ጭል ይላል።

«መብራቱን ማን ቀየረው?»

«ዶክተር ነው። ለዓይናቸው እንዲመች ብሎ» አለ ከኋላዬ የወረደው ጋሽ ቱቦ።

«ዓይናቸውን ምን ነካቸው?»

«እኔ ምን አውቃለሁ? እኔ ቱቦ ነኝ» አለና ጎማውን እየጎተተ ወጣ።

«ይብሉ እንጂ ወይዘሮ» ብዬ ምግቡን በተንኩ። ጀርባዬን ልሰጥ ዞር ከማለቴ በፊት አሣዋ ተወርውራ መጥታ ዋጥ ዋጥ አደረገችው። ደግሜ በተንኩ። አሁንም መጣች፤ ዓይኗን ዓይኔ ላይ ተክላ በላች። ወይዘሮ? እኔ እያየሁ? ሰው ሲያረጅ ይለወጣል ብዬ ራሴን ላባብል ሞከርኩ፤ እናቴም መጨረሻ ላይ ዕድሜዋን ሙሉ የጠላችውን ሽንኩርት መውደድ ጀምራ ነበር። ሆዴ ግን እሺ አላለም። የስልኬን ባትሪ አብርቼ መስታወቱ ላይ ተለጠፍኩ። የወይዘሮ የግራ ክንፍ ጫፉ የተቀደደ ነው፤ ከምንጩ ሲመጡ ጀምሮ እንደዚያው ነው። የዚችኛዋ ክንፍ ግን ምንም አልነካውም፤ ጎኗ ላይም ቢጫ መስመር የለም። በስልኬ ፎቶ አነሳኋት።

የት እንደወሰዷቸው ለማወቅ ብዙ ማሰብ አላስፈለገኝም። በሌላ ከተማ አንድ ትልቅ የአሣ ማሳያ አለ፤ ባለቤቶቹን እኛ የመስታወት ቤቶቹ ነው የምንላቸው። ባለፈው ዓመት ሰዎቻቸው ሁለቴ መጥተው ወይዘሮን ስጡን ብለዋል። የዓለም የመጨረሻዋ አሣ ምድር ቤት ውስጥ ምን ትሠራለች፣ ሰው ይያት እንጂ ነበር ያሉት። አለቃችን ሻይ ጋብዟቸው ሲስቅ በዓይኔ አይቻለሁ። እኔ እናቴን ልቀብር ስሄድ ጠብቀው አስረከቧቸው፤ እንዳልነቃ ደግሞ ሌላ አስቀመጡልኝ! ብቻ በሕይወት ይኑሩ እንጂ ግድግዳ አፍርሼም ቢሆን እመልሳቸዋለሁ አልኩ።

የእንስሳት ሐኪማችንን ዶክተርን ኮሪደር ላይ አገኘሁት። ለግላጋ ነው፤ ውሸት አያውቅበትም፣ ሲዋሽ ጆሮው ይቀላል።

«ወይዘሮ የት ናቸው?»

«ታች… ገንዳቸው ውስጥ…» ጆሮው ቲማቲም መሰለ። «ምሳ በልተሻል?»

«ስለ ሆዴ ማን ጠየቀህ? የት ናቸው?»

«እስቲ ትንሽ ታገሺ። ከአለቃችን ጋር ሆነን እንነግርሻለን።»

«አሃ! አለቃም አለበት!»

ቀጥታ አለቃ ቢሮ ሄጄ በሩን ሳላንኳኳ ከፈትኩት። አለቃችን ስልክ ላይ ነበር፤ ሲያየኝ ዘጋው። ተነስቶ ወንበር ሳበልኝ። ከተቀጠርኩ ጀምሮ ወንበር ስቦልኝ አያውቅም።

«አይዞሽ፣ ተቀመጪ። የበላሽው ነገር አለ?»

እንግዲህ ልብ በሉ። የመሥሪያ ቤቱ ሰው ሁሉ በአንድ ቀን ተነስቶ ስለ ሆዴ ይጨነቃል። ሰው ሊበድልሽ ሲያስብ መጀመሪያ ያባብልሻል።

«አልበላሁም፣ አልበላምም! ያቺ አሣ ወይዘሮ አይደሉም። ክንፏን አይቻለሁ፣ ፎቶ አንስቻለሁ። የት እንደሸኛችኋቸው ካልነገራችሁኝ ነገ ጠዋት ጋዜጣ ቢሮ ነኝ!»

አለቃ ግንባሩን ያዘ። «ለጋዜጣ እንዳትናገሪ፣ በእናትሽ…» ብሎ ጀመረና የእናቴን ስም ማንሳቱ ከነከነው መሰለኝ አቋረጠው። እኔ ደግሞ አስፈራራኝ ብዬ በሩን በላዩ ላይ ዘግቼ ወጣሁ።

ቤት እንደገባሁ እታለም ደወለች። ሰላምታ እንኳ ሳትሰጠኝ «ምን በላሽ?» አለችኝ።

«እታለም፣ አንቺንም አገኙሽ?»

«እነማን?»

«የመስታወት ቤቶቹ!»

«ኧረ በሞትኩት፣ ምን ትቀባጥሪያለሽ? ስሚ፣ ነገ ጠዋት ሳልመጣ ከቤት እንዳትወጪ።»

እታለም የምትኖረው ከከተማው ወዲያኛው ጫፍ ነው፤ በጠዋት ተነሺ ብትባል ትታመማለች። የገዛ እህቴ ከእነሱ ጋር መከረች ማለት ነው። ከሁሉም እሱ ነው አንጀቴን ያቆሰለው።

ጠዋት ኮቴን ለብሼ፣ ፎቶዎቹን አዘጋጅቼ ልወጣ ስል በሩ ተንኳኳ። አንድ ሰው መስሎኝ ስከፍት አራት ናቸው። እታለም ዳቦ ይዛለች። ከኋላዋ አለቃ፣ ዶክተር እና ጋሽ ቱቦ። ጋሽ ቱቦ ጎማውን ትቶ ኮት ለብሷል፤ አንገቱ ባዶ ሆኖ ሳየው ሌላ ሰው መሰለኝ።

«ምን ትገተራላችሁ? ሰብስባችሁ ልታስፈርሙኝ ነው?»

እታለም አልጋው ላይ አስቀመጠችኝና ዳቦ ቆርሳ በእጇ አጎረሰችኝ። «ዋጪው» አለች። ከልጅነቴ ጀምሮ በዚያ ድምፅ ካዘዘችኝ እምቢ ማለት አይሆንልኝም። እያኘክሁ እያለ ነገሩ ገባኝ። በባዶ ሆድ የማይነገር ነገር አንድ ብቻ ነው።

«ወንድማችን ነው?» አልኩ ዳቦውን ሳልውጥ።

«ኧረ እሱ ደህና ነው! ስሙን አታንሺ!»

«ታዲያ ማነው?»

ዶክተር አለቃን አየ። አለቃ ወለሉን አየ። በመጨረሻ የተናገረው ጋሽ ቱቦ ነው።

«ወይዘሮ አርፈዋል፣ ልጄ።»

ሳቄ መጣ። እውነቴን ነው፣ ሳቅሁ። አራት ትልልቅ ሰዎች ጎህ ሲቀድ ተነስተው የአሣ መርዶ!

አለቃ ነገሩን አስረዳኝ። እኔ በሄድኩ ማግስት ነው ያረፉት፤ በእርጅና ነው፣ ዶክተር ገላቸውን ከፍቶ አይቷቸዋል። የዘራቸው መጨረሻ ስለሆኑ ለዓለም መንገር ግዴታ ነው፤ መግለጫውም የዚያኑ ዕለት ተዘጋጅቷል። «ግን ከለቅሶ ቤት ቁጭ ብለሽ በሬዲዮ ልትሰሚው ነው? በእናትሽ ሐዘን ላይ? ትንሽ ትጽናና ተባባልን፣ እህትሽንም አማከርን። ባዶ ገንዳ አይተሽ እንዳትደነግጪ ዶክተር ከታችኛው ወንዝ የምትመስላቸውን የሌላ ዘር ዘመዳቸውን አመጣ። አውቃለሁ፣ ቂልነት ነው። መግለጫውን አንቺ ሳትሰሚ ማውጣት ግን ከበደን። መርዶ እኮ መጀመሪያ የሚነገረው ለቤተሰብ ነው።»

«እና ቤተሰባቸው ማነው?»

አራቱም እኔን አዩኝ።

ያኔ ሳቄ ጠፋ። እናቴ ስትሞት ቤቱ ሰው በሰው ነበር። አፍንጫዋን የወሰደች የእህቴ ልጅ አለች፤ ቁጣዋን የወሰድኩ እኔ አለሁ። ከወይዘሮ አንዲት ነገር የወሰደ የለም። ያቺ ቢጫ መስመር፣ ያ አጉል ኩራት በማንም ላይ አይታይም፤ ለቅሷቸው ላይ የምቀመጥ ጠባቂያቸው እኔ ብቻ ነኝ፣ እኔም ሰው ነኝ። እኔ ደግሞ ትናንት በተተኪያቸው ፊት ቆሜ «ይብሉ እንጂ ወይዘሮ» ስል ነበር። አለቀስኩ። ለእሳቸው ይሁን ለእናቴ ልለየው አልቻልኩም፤ እታለም ጭንቅላቴን ደረቷ ላይ ያዘች።

ዶክተር ሊያጽናናኝ ፈለገ መሰለኝ፣ ተንበረከከና «ያቺኛዋን ዛሬውኑ ወደ ወንዟ እመልሳታለሁ። ስለ እሷ እንኳን አታስቢ፣ እነሱ ሞልተዋል» አለኝ።

ቀና አልኩ። ስለ ወይዘሮ ወገኖችም ባልዲ ይዘን ምንጩ ጋ እስክንደርስ ድረስ ስንል የነበረው ይህንኑ ነው።

«ማን ቆጠራቸው?»

«እ?»

«ሞልተዋል ያልከው ቆጥረህ ነው? ይቺን ስትይዛት ስንት አየህ?»

ጆሮው ቀላ። «አንድ እሷን ነው» አለ ቀስ ብሎ፤ «እሷንም ለማግኘት ቀኑን ሙሉ ፈጅቶብኛል።»

እታለም ሁለተኛ ቁራሽ ዘረጋችልኝ፤ አልተቀበልኳትም። ጫማዬን አደረግሁና ባልዲው የት እንዳለ ጋሽ ቱቦን ጠየቅሁት።